የእትዬ የሺ ግለ ሂስ

«ሰማህ?» ብሎ የሚጀምር ስልክ በእኛ አገር ደግ ወሬ ይዞ አያውቅም። የጤና ጣቢያችን የድሮ ዘበኛ ጋሽ ማሞ ባለፈው ሰኞ ጠዋት ደውለው «ጌታሁን፣ ሰማህ?» ሲሉኝ፣ ማን እንደሆነ እንኳን ሳልጠይቅ «መቼ?» አልኳቸው።

«ቅዳሜ። ትናንት ቀበርናት፣ የሺን። ቀብር ላይ ሳጣህ ታሞ ይሆናል ብዬ ነው የደወልኩት።»

አልታመምኩም። የነገረኝ የለም እንጂ። ጡረታ የወጣ የመዝገብ ቤት ሠራተኛን ማን አስታውሶ ይጠራል? «ነፍስ ይማር» ብዬ ስልኩን ዘጋሁና ቁርሴን በላሁ። ከሰዓት በኋላ ለቅሶ ደረስኩ። ድንኳኑ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ «ሲስተር የሺ እንዲህ ነበሩ፣ ሲስተር የሺ እንዲያ ነበሩ» ይላል። እሳቸው ቢሰሙ ኖሮ ከመቃብር ተነስተው መጥተው «ሲስተር አይደለሁም» ይሉ ነበር። እኔም ልናገር አልኩና ለቅሶ ቤት ነው ብዬ ተውኩት። ይህን የምጽፈው ያን ቀን ዝም ያልኩት ስለከነከነኝ ነው።

ወይዘሮ የሺመቤት ሲስተር አልነበሩም፤ ጤና ረዳት ነበሩ። ጤና ረዳትን የዛሬ ልጆች አያውቁትም። ከነርስ ዝቅ ያለ፣ ዓመት ገደማ ተምሮ ቁስል የሚያጥብ፣ መርፌ የሚወጋ፣ ሙቀት የሚለካ፣ ሐኪም በሌለበት ገጠር ደግሞ ሐኪምም አዋላጅም ሆኖ የሚያድር ሠራተኛ ነበር። እሳቸው በጃንሆይ መጨረሻ ዓመታት ተምረው፣ የደርግን ዘመን በየገጠሩ ጨርሰው፣ ኢሕአዴግ ሲገባ ወደ ሀዋሳ ተዛወሩና እኛ ጤና ጣቢያ መርፌ ክፍል ገቡ። ያ ጤና ጣቢያ የትኛው እንደሆነ አልናገርም፤ የሚያውቅ ያውቀዋል።

ከተማው ነጭ ጋወን የለበሰችን ሴት ሁሉ ሲስተር ይላል። እትዬ የሺ ግን በቀን ሃያ ጊዜ ቢጠሯቸው ሃያ ጊዜ ያርማሉ። «ሲስተር አይደለሁም፤ ጤና ረዳት ነኝ።» አንድ ቀን ሐይቅ ዳር ሆቴል ያለው አንድ ትልቅ ሰው እጁን ጠርሙስ ቆርጦት መጣ። «ሲስተር፣ እባክሽ ቶሎ በይልኝ» ይላል፣ ደሙ ወለሉ ላይ ጠብ ጠብ እያለ። እሳቸው እጁን በጨርቅ ጭምቅ አድርገው ይዘው «የሚያክምዎትን ሰው መጀመሪያ ይወቁ» አሉና ማዕረጋቸውን ነገሩት። ሰውየው ታሽጎለት ሲወጣ ለጋሽ ማሞ «ያቺ ሴትዮ ጤነኛ ናት?» ብሎ ጠየቃቸው አሉ።

መርፌ ሊወጉ ሲሉ ልጅን «አያምህም» ብለው አያውቁም። ዐይን ዐይኑን እያዩ «አሁን ያምሃል፤ እስከ አምስት ቆጥረህ ይለቅሃል» ይሉታል። አዲስ የተቀጠረች ነርስ አንዱን ልጅ «አያምህም የኔ ቆንጆ፣ እንደ ትንኝ ነው» ስትለው ሰምተው ኮሪደር ላይ አስቆሟት። «ዛሬ ከዋሸሽው ነገ ክንዱን አምኖ የሚሰጥሽ ይመስልሻል?» ልጅቷ አልቅሳ እኔ ቢሮ ገባች። ሰው አስለቅሰው ወደኔ የሚልኩት ለምን እንደሆነ አይገባኝም ነበር፤ እኔ ቢሮ ያለው ፋይል ብቻ ነው።

ሌላው እጃቸው ነበር። እስከ ክርናቸው ይታጠባሉ፣ ቧንቧውን በክርናቸው ይዘጋሉ። ሰርግ ተጠርተን ሄደን አስታጣቢዋ ማንቆርቆሪያ ይዛ ስትመጣ ከሳቸው ቀጥሎ የተቀመጠ ሰው ወዮለት፤ ውሃው እሳቸው ላይ ያልቃል። «እትዬ የሺ፣ ዶሮ ወጥ ልንበላ ነው እንጂ ቀዶ ጥገና ልንገባ አይደለም» ብዬ ብተርባቸው፣ «አንተ የምትነካካውን ፋይል ባየሁ ጊዜ ይኸም ያንስሃል» አሉኝ። ደህና ሆነን የምንውለው እንዲህ ስንነካካ ነበር። ከዚያ የበለጠ ወዳጅነት አልነበረንም፤ እኔም ከሰው ጋር ብዙ አልቀራረብም።

አሁን ወደ ግምገማው ልምጣ። በዚያ ዘመን የመንግሥት ሠራተኛ ለነበረ ሰው ግምገማን ማስረዳት አያስፈልግም፤ ለልጆች ግን ልንገር። ሠራተኛው በሙሉ አዳራሽ ይሰበሰባል። እያንዳንዱ እየተነሳ መጀመሪያ የራሱን ድክመት ይናገራል፤ ይኼ ግለ ሂስ ይባላል። ቀጥሎ ሌላው ይወርድበታል፤ እሱ ሂስ ነው። ብልህ ሠራተኛ ግለ ሂሱን አስቀድሞ ያዘጋጃል፤ ትንሽ የምታሳፍር፣ ግን የማታስጠይቅ መሆን አለባት። እኔ ቃለ ጉባኤ ያዥ ስለነበርኩ የሁሉንም በቃሌ አውቀው ነበር። የፋርማሲው ሰውዬ በየዓመቱ «አንዳንዴ ሰዓት አላከብርም» ይላል። ገንዘብ ያዥዋ «ቶሎ እቆጣለሁ» ትላለች። የኔ «ከባልደረቦቼ ጋር ብዙ አልቀራረብም» ነበር፤ ስድስት ዓመት ሙሉ አልተቀራረብኩም፣ ለምን ያለኝ የለም። የእትዬ የሺ ደግሞ «ድምፄ ከፍ ይላል» ነበር። እውነት ነው፣ ይላል።

ሚሌኒየሙን ባከበርንበት ዓመት በተደረገው ግምገማ ተራቸው ደረሰና ተነሱ። እኔ ገና ሳይናገሩ «ድምፄ ከፍ ይላል» ብዬ ጽፌ ጨርሻለሁ። እሳቸው መነጽራቸውን አውልቀው በእጃቸው ያዙ።

«ከዛሬ አሥራ አንድ ዓመት በፊት፣ ወባው ከተማውን በፈጀበት ጊዜ፣ ወረፋው እስከ ውጭ በር ደርሶ ነበር» አሉ። ድምፃቸው ከፍ አላለም። «ጠረጴዛዬ ላይ ሁለት ካርድ ተደራርቦ ነበር። የላይኛውን አነበብኩና የታችኛዋን ልጅ ወጋሁ። ለእሷ የታዘዘው የትኩሳት መርፌ ነው፤ እኔ የወጋኋት ለሳንባ ምች ለሌላ ልጅ የታዘዘ ፔኒሲሊን ነው። የሦስት ዓመት ልጅ ናት። ፔኒሲሊን የማይስማማው ሰው አለ፤ ይገድለዋል። ያጠፋሁትን ያወቅኩት እናቷ አዝላት ከወጣች በኋላ ነው። ከካርዱ ላይ አድራሻቸውን አይቼ ከሥራ ስወጣ ቤታቸው ሄድኩ። ሦስት ቀን ተመላለስኩ። ልጅቷ ምንም አልሆነችም። ለእናቷ ግን አልነገርኳትም። ለአለቃም አልነገርኩም። ይኸው ነው።»

ተቀመጡ።

እንዲህ ዓይነት ነገር ግምገማ ላይ ይወራል እንዴ! ሰው ሁሉ ጫማውን ያያል። ከክፍለ ከተማ የመጣው ሰብሳቢ ገና ጎረምሳ ነው፤ ምን እንደሚል ግራ ገብቶት እስክሪብቶውን አገላበጠና «ይኼ... ጥሩ ግለ ሂስ ነው» አለ። ከዚያ ወደኔ ዞሮ «ይመዝገብ» አለ።

መዘገብኩት። ስለዚህ ነገር ራሴን ይቅር ብዬ አላውቅም። አሳጥሬ «በሥራ ላይ ስህተት ፈጽሜያለሁ ብለዋል» ብዬ ማለፍ እችል ነበር። እኔ ግን በቃለ ጉባኤዬ የምኮራ ሰው ነበርኩ፤ አንድም ቃል ሳይቀር፣ ከነካርዱ፣ ከነፔኒሲሊኑ፣ በሚያምር የእጅ ጽሑፍ አሰፈርኩት። በዚያ ዓመት በወጣው መመሪያ መሠረት የእያንዳንዱ ሰው ግለ ሂስ ተገልብጦ በግል ፋይሉ ይቀመጥ ተብሎ ስለነበር፣ ገልብጬ የእሳቸው ፋይል ውስጥ አስገባሁት።

ስንወጣ ጋሽ ማሞ በሩ ላይ ጠብቀው «አንቺ ሴትዮ፣ ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ሲባል አልሰማሽም?» አሏቸው።

«ገብቶ እኮ ነው የኖረው» አሉ እትዬ የሺ። «ዛሬ ወጣ።»

በዓመቱ የሙያ ፈቃድ እድሳት መጣ። ማንኛውም የጤና ባለሙያ ፈቃዱን ካላሳደሰ በሽተኛ መንካት አይችልም ተባለ። ለማሳደስ የትምህርት ማስረጃ፣ የሥራ ልምድ፣ በዚያ ላይ ደግሞ «በሙያው ላይ የፈጸመው ጥፋት የለም» የሚል የመሥሪያ ቤት ደብዳቤ ያስፈልጋል። ጤና ረዳት የሚባለው ማዕረግ ራሱ ሊቀር ነው እየተባለ ይወራ ስለነበር፣ ወጣቶቹ ነርስነት ሊማሩ ሄዱ። እትዬ የሺ ጡረታቸው ሦስት ዓመት ቀርቶታል፤ በዚያ ዕድሜ የት ሄደው ይማራሉ? ፈቃዱ ካልታደሰላቸው ካርድ ክፍል ተመድበው የበሽተኛ ካርድ ሲያወጡና ሲመልሱ ሊውሉ ነው።

«እነዚህን ሦስት ዓመታት ብቻ ነው የምፈልገው» አሉኝ ማመልከቻውን ሲሰጡኝ። «ባሌ የለ፣ ልጆቼ ወጥተዋል። እጄ ሥራ ከፈታ ምን ልሆን ነው?» እሳቸው ለራሳቸው አንድ ነገር ሲለምኑ ሰምቼ አላውቅም ነበር፤ ያን ጊዜ ሰማሁ።

ደብዳቤውን አርቅቄ ከነፋይሉ ወደ ኃላፊያችን ወደ አቶ ታምራት ገባሁ። አቶ ታምራት ወጣት ጤና መኮንን ነው። ክፉ ሰው አልነበረም፣ ፈሪ ነበር እንጂ። ፋይሉን ሲያገላብጥ ያቺ የእኔ የሚያምር የእጅ ጽሑፍ ጋ ደረሰና ቆመ።

«ጌታሁን፣ ይኼ ወረቀት እዚህ ተቀምጦ ‘ጥፋት የለባቸውም’ ብዬ እንዴት እፈርማለሁ? ነገ አንድ ሰው ፋይሉን ቢያወጣውስ?»

«ልጅቷ እኮ ምንም አልሆነችም።»

«ገብቶኛል። ወረቀቱ ባይኖር ኖሮ...» አለና አንገቱን ወደ መስኮቱ አዞረ።

ነገሩ ገባኝ። ከፋይል ላይ ወረቀት ማውጣት ለመዝገብ ቤት ሠራተኛ ምን ማለት እንደሆነ የሚያውቀው የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነው። በአገልግሎት ዘመኔ አንድ ቀን ብቻ አደረግኩት፤ ያን ቀን። አውጥቼ መሳቢያዬ ውስጥ ቆለፍኩበት። በማግሥቱ አቶ ታምራት ፋይሉን አየ፣ ፈረመ፣ ማኅተም ተመታ። ደብዳቤውን ይዤ መርፌ ክፍል ስሄድ፣ እውነቱን ልናገር፣ ምርቃት እየጠበቅኩ ነበር።

እትዬ የሺ መነጽራቸውን አድርገው አነበቡት። እንደገና አነበቡት። «ፋይሌን አምጣ» አሉ።

አመጣሁ። ገጽ በገጽ አገላበጡ።

«ወረቀቴ የታለ?»

«የቱ ወረቀት?»

«ጌታሁን፣ ሞኝ አታድርገኝ።»

በሩን ዘጋሁና ቀስ ብዬ «እትዬ፣ እኔ ጋ ነው። ማንም አያየውም። ደብዳቤውን ይዘው ይሂዱና ያሳድሱ። እኔ ነኝ የጻፍኩት፣ እኔ አነሳሁት። በቃ» አልኳቸው።

ይቆጡኛል ብዬ ነበር። እሳቸው በሽተኛ የሚቀመጥባት በርጩማ ላይ ተቀመጡ።

«ስማኝ ልጄ። ለንስሐ አባቴ ያኔውኑ ነግሬያቸዋለሁ። ስገጂ አሉኝ፣ ሰገድኩ። እግዚአብሔር ይፍታሽ አሉኝ። ግን እሳቸው ፔኒሲሊን ምን እንደሆነ አያውቁም። ልጅቷ ካልታመመች ምን አስጨነቀሽ ነው የሚሉኝ። ሥራውን የሚያውቅ ሰው ሰምቶኝ ‘አጥፍተሻል’ እንዲለኝ ነበር የፈለግኩት። ማን ጋ ሄጄ ልንገር? አሥራ አንድ ዓመት ዞሬ ዞሬ ያገኘሁት ያን አዳራሽ ነው። አንተ ወረቀቱን ከጣልከው አልተናገርኩም ማለት ነው። እንደገና ልጀምር? አቅሙ የለኝም።»

«ካርድ ክፍል ሊገቡ ነው እኮ!»

«ልግባ!» አሉ፤ ያን ጊዜ ድምፃቸው ከፍ አለ። «ወረቀቴን አምጣ።»

አመጣሁ። በገዛ እጃቸው ቦታው አስገቡት። አቶ ታምራት ሲሰማ «ሰዎቹ አብደዋል» ብሎ ጮኸ፤ ሰዎቹ ያለው እኔንም ጨምሮ ነው። አዲስ ደብዳቤ ተጻፈ፦ በግምገማ ወቅት ራሳቸው ካመኑት አንድ ጥፋት በስተቀር የሚል።

ፈቃድ የሚያድሰው መሥሪያ ቤት አብሬያቸው ሄድኩ። ባለሙያው ፀጉራቸው የሸበተ፣ ረጋ ያሉ ሰው ናቸው። ደብዳቤውን አነበቡ፣ የግለ ሂሱን ግልባጭ አነበቡ፣ ከዚያ እትዬ የሺን ቀና ብለው አዩ።

«የልጅቷ እናት ያውቃሉ?»

«አያውቁም።»

«እንግዲያው ለእኛ ነገሩን እንጂ ለባለጉዳይዋ አልነገሩም።»

እትዬ የሺ መነጽራቸውን አወለቁ።

«አጥፍተዋል» አሉ ሰውየው ረጋ ብለው። «ከተሳሳቱት ይልቅ የደበቁት ይብሳል። ራስዎ መናገርዎን ግን እቆጥርልዎታለሁ። እናትየው ነገሩን እንዳወቁና ቅሬታ እንደሌላቸው በፊርማቸው ያረጋግጡና ያምጡ፤ አድስልዎታለሁ። የሁለት ሳምንት ጊዜ አለዎት።»

ስንወጣ ሰውየው ቀላል ነገር የጠየቁን መስሎኝ ደስ ብሎኝ ነበር። እትዬ የሺን ዞር ብዬ ሳይ ከንፈራቸው ደርቋል። ሙሉ አዳራሽ ፊት ያልፈሩት ሴትዮ አንዲት እናት ፈሩ። አሥራ ሁለት ቀን ሙሉ «ነገ እንሄዳለን» እያሉ አሳለፉት። በአሥራ ሦስተኛው ቀን እኔ ባጃጅ ይዤ በራቸው ላይ ቆምኩ።

በካርዱ ላይ ያለው አድራሻ ታቦር ተራራ ሥር ነበር፤ ጎረቤቶች ወደ ምሥራቅ ክፍለ ከተማ ተዛውረዋል አሉን። ምሥራቅ ሄደን ጠይቀን አገኘናት። ወይዘሮ ዳንጊሴ ትባላለች፤ ዕድሜዋ ከእኔ ብዙ አይርቅም፣ ቆጮ ነጋዴ ናት። ግቢዋ ውስጥ ቆጮ በኮባ ቅጠል ስትጠቀልል ደረስን። ቀና ብላ አየችን። ከዚያ የያዘችውን ጥላ ተነሳች።

«ሲስተር! ሲስተር የሺ!»

እትዬ የሺ አላረሟትም። ዳንጊሴ አንገታቸው ላይ ተጠመጠመች፣ ጉልበታቸውን ሳመች። ጎረቤቶቿን በሲዳምኛ ተጣራች፤ ሁለት ሦስት ሴቶች መጡ። ለእኔ ደግሞ በአማርኛ ትተረጉምልኛለች። ዳንጊሴ ሰውን ሁሉ አንተ አንቺ ነው የምትለው፤ አማርኛዋ እርስዎ የለውም። «አንተ ታውቃለህ ይቺን ሴት? አስቴር ልጄ በወባ ስትታመም ሦስት ቀን በእግሯ ቤቴ መጣች። ማንም ሳይጠራት! ግንባሯን ትነካለች፣ ታያለች፣ ትሄዳለች። መንግሥት ሠራተኛ እንዲህ ያደርጋል? ለቤተ ክርስቲያን ሰዎች ሁሉ ነግሬያለሁ። ስጸልይ ስሟን እጠራለሁ።»

እኔ በዚህ ጊዜ ብንመለስ ብዬ ተመኘሁ። የሚፈረመውን ወረቀት አውጥቼ ‘እዚህ ጋ ፈርሚ’ ብላት ሳታነብ ትፈርም ነበር። እትዬ የሺን በዐይኔ ለመንኳቸው፤ አላዩኝም።

«ዳንጊሴ» አሉ። «ደግነት አልነበረም። ፈርቼ ነው የመጣሁት።»

ነገሯት። አዳራሹ ውስጥ እንደተናገሩት፣ አንድም ነገር ሳያስቀሩ። ከጎረቤቶቹ አንዷ አፏን በእጇ ያዘች። ዳንጊሴ እየሰማች ቀስ በቀስ ፊቷ ተለወጠ።

«ትሞት ነበር?» አለች።

«ልትሞት ትችል ነበር።»

«ሦስት ቀን የመጣሽው ለዚህ ነው?»

«ለዚህ ነው።»

«ልጄን ትነኪያት የነበረው... ሞታ እንደሆነ ልታዪ ነው?»

ዳንጊሴ ቆጮዋ ጋ ተመልሳ ተቀመጠች፤ መጠቅለሉን ግን አልቻለችም።

«ሂጂልኝ» አለች፣ ሳታያቸው። «አልሳደብም። ሂጂልኝ ብቻ።»

ወረቀቱ ከኪሴ አልወጣም። ባጃጁ ውስጥ ወደ ቤታቸው ስንመለስ፣ አንድ ጊዜ ብቻ «ጸሎቷን ወሰድኩባት» አሉ። ያን ቀን በጣም አዘንኩላቸው፤ በዚያው ልክ ተናደድኩባቸው። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ ሰው ከስንት አፋፍ ይወድቃል?

ፈቃዱ አልታደሰም። በሰኔ ጋወናቸውን አጥበው፣ ተኩሰው፣ ለንብረት ክፍል መለሱና ካርድ ክፍል ገቡ። ካርድ ክፍል ከእኔ ቢሮ ጋር በአንዲት መስኮት ይገናኛል፤ ቀኑን ሙሉ ያዩኛል፣ አያቸዋለሁ። በመጀመሪያው ሳምንት ወረፋው ተጓተተ፤ እሳቸው አንዱን ካርድ ሰው እጅ ላይ ሳያስቀምጡ ሁለተኛውን አያወጡም። አቶ ታምራት ቢለምናቸውም «እኔ ሁለት ካርድ ባንድ ጊዜ አልይዝም» አሉት። መርፌ ክፍሉ ከኮሪደሩ ማዶ ነው። እዚያ ልጅ ሲያለቅስ እስክሪብቶአቸው ይቆማል፤ ልጁ ዝም እስኪል አይጽፉም። አንድ ቀን «እስከ አምስት ቆጠረ?» ብዬ ልቀልድ ስል ፊታቸውን አይቼ ተውኩት። በሥራ ቀን፣ በሰዓቱ ይመጣሉ፣ በሰዓቱ ይወጣሉ። እየከሱ፣ እያረጁ ሄዱ።

እንዲህ ሆነው ስምንት ወር አለፈ። አንድ ጠዋት፣ ሰው በበዛበት ሰዓት፣ ዳንጊሴ የሁለት ዓመት የመጨረሻ ልጇን አዝላ ካርድ ክፍል መስኮት ላይ ቆመች። ልጁ ትኩሳት አለው፤ ትንፋሹ ይቆራረጣል። እኔ በመስኮቴ ሳያት እስክሪብቶዬን አስቀመጥኩ። እትዬ የሺ ስሙን ጠየቋት፣ ካርድ አወጡለት፣ ሰጧት። ሰላምታ የለ፣ ምንም የለ። እሷም ይዛ ወደ ሐኪሙ ሄደች።

ግማሽ ሰዓት ያህል ቆይቶ ተመለሰች። በእጇ የመድኃኒት ማዘዣ ይዛለች። የታዘዘው መርፌ ነው። መርፌ ክፍል አልገባችም፤ ወረፋውን ጥሳ በቀጥታ ወደ ካርድ ክፍል መጣች።

«ተነሺ» አለች።

«ምን ሆነ?» እትዬ የሺ ደነገጡ።

«መርፌ አዘዙለት። ነይ፣ ሲወጉት አጠገቡ ቁሚልኝ።»

«ዳንጊሴ፣ እኔ አሁን እዚያ አልገባም። ፈቃድ የለኝም። ሰላማዊት አለች፤ ጎበዝ ልጅ ናት፣ የተማረች ነርስ ናት።»

«አውቃለሁ፣ ጎበዝ ናት። ብትሳሳት ግን ለኔ አትነግረኝም። አንቺ ትነግሪኛለሽ።» ልጁን ከጀርባዋ አውርዳ ታቀፈችው። «ብዙ ተናደድኩብሽ። አሁንም ንዴቴ አለ። ግን ሌላ ማን አለኝ? ነይ።»

«ፈቃድ የለኝም እያልኩሽ!»

«ለመቆም ደግሞ ፈቃድ ይጠየቃል?»

ወረፋው በሙሉ ያያል። እትዬ የሺ ወደኔ ዞሩ፤ መመሪያው ምን እንደሚል የሚጠይቁኝ መሰለኝ። መመሪያውን በቃሌ አውቀዋለሁ፤ ስለ መቆም የሚል ነገር የለውም። «ካርድ ክፍሉን እኔ እይዝልዎታለሁ» አልኳቸው።

ሄዱ። ከካርድ ክፍሉ መስኮት ሆኜ መርፌ ክፍሉ በር ላይ ቆመው አየኋቸው፤ እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረዋል፣ ወደ ውስጥ አንድ እርምጃ አልገቡም። ሰላማዊት ማዘዣውን ጮክ ብላ አነበበችላቸው፣ ብልቃጡን ከፍ አድርጋ አሳየቻቸው። እሳቸው አንገታቸውን ነቀነቁ። አቶ ታምራት በኮሪደሩ ሲያልፍ አያቸው፤ ቆመ፣ ትንሽ አሰበና አለፈ። ልጁ አለቀሰ፣ ዝም አለ። ዳንጊሴ ስትወጣ አላመሰገነቻቸውም፤ «ለነገውም ታዞለታል፣ በሁለት ሰዓት እመጣለሁ» ብቻ አለቻቸው።

እትዬ የሺ ካርድ ክፍል ተመልሰው ወንበራቸው ላይ ተቀመጡ፤ ወረፋውንም፣ እኔንም ረስተው ተንሰቅስቀው አለቀሱ። በዚያ ሁሉ ዓመት ሲያለቅሱ ያየኋቸው ያን ቀን ብቻ ነው።